ግልጽ ደብዳቤ፦ የሟቹ ወንበር ክፍት መሆኑ በጽሑፍ ይነገር

የተጓደሉ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ወንበሮች ጉዳይ በእጅዎ ላለ የሥራ ኃላፊ

ክቡር ሆይ፣

የእንደራሴያችን የሐዘን ድንኳን ከተነሳ ቆይቷል። የሕሊና ጸሎት ተደርጎላቸዋል፣ ለቤተሰባቸውም የሐዘን መግለጫ ደርሷል። ወንበራቸው ክፍት መሆኑን ለምርጫ ቦርድ የሚያሳውቀው ደብዳቤ ግን እስከ ዛሬ አልወጣም። ማመልከቻችን መዝገብ ቤት ገብቶ ቁጥር ተሰጠው፤ ከዚያ «ለሚመለከተው ክፍል ተመርቷል» ተባልን። ክፍሉ ደግሞ ከበላይ ትእዛዝ እየጠበቅሁ ነው ይላል። የበላዩ እርስዎ ስለሆኑ በአደባባይ ልንጽፍልዎ ተገደናል።

ሕጉን እርስዎ ያውቁታል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 54 መሠረት ተወካይ የሚመረጠው በምርጫ ክልሉ ከተወዳደሩት መካከል አብላጫ ድምፅ በማግኘት ነው። የተመጣጣኝ ውክልና ባላቸው፣ ማለትም ወንበር ለፓርቲዎች በድምፅ ድርሻቸው በሚከፋፈልባቸው ብዙ አገሮች አባል ሲሞት ከፓርቲው ዝርዝር ቀጣዩ ሰው ይገባል። እኛ ዘንድ ዝርዝርም ተጠባባቂም የለም። ያለው መንገድ የተጓደለው ወንበር ብቻ የሚሞላበት ማሟያ ምርጫ ነው፤ እሱም በአዋጅ ቁጥር 1162/2011 ከጠቅላላ፣ ከአካባቢና ከድጋሚ ምርጫ ጎን በስሙ ተጠቅሷል።

ከ547 ወንበር አንዱ ቢጎድል ምን ይጎዳል የሚል መልስ ከቢሮዎ ሰምተናል። ቁጥሩን ከታች ይመልከቱት። ጋምቤላ ያለው 3 ወንበር ነው፤ አንዱ ሲጎድል የክልሉ ውክልና ሲሶ ይሄዳል። ሐረሪና ድሬዳዋ ሁለት ሁለት አላቸው፤ አንድ ሞት ግማሹን ይወስዳል። አንቀጽ 54 ደግሞ የተለየ ውክልና ለሚያስፈልጋቸው አናሳ ብሔረሰቦች ከ20 የማያንስ መቀመጫ ይሰጣል። የእኛ ወንበር ከእነዚህ አንዱ ነው። የአንድ ሰው ሞት ብሔረሰቡን ሙሉ በሙሉ ከምክር ቤቱ አስወጥቶታል። በፌዴሬሽን ምክር ቤት ተወካይ አላችሁ ትሉናላችሁ፤ የፌዴራል ሕግ የሚወጣውና በጀት የሚጸድቀው ግን እዚያ አይደለም።

መዘግየቱ እንዴት ዓመት እንደሚበላ እናስረዳዎ። የምክር ቤቱ ዓመታዊ የሥራ ጊዜ ከመስከረም የመጨረሻ ሳምንት ሰኞ እስከ ሰኔ 30 ነው፣ በመካከሉም የአንድ ወር እረፍት ሊኖር ይችላል። አባሉ ጥቅምት ላይ ቢሞቱና ለቦርዱ የሚላከው ማስታወቂያ በዚያው ወር ቢወጣ፣ ዝግጅቱ አዝመራ በሚሰበሰብባቸው ኅዳርና ታኅሣሥ አልፎ ድምፁ ከጥር እስከ ግንቦት ባሉት ደረቅ ወራት ይሰጣል። ማስታወቂያው የካቲት ከደረሰ ግን ምርጫው ክረምት ላይ ይወድቃል። መንገድ ሲቆረጥ ኮሮጆ ከጣቢያ ጣቢያ አይጓጓዝም፤ ስለዚህ ወደ መስከረም ይገፋል። ሐምሌ 1 የሚጀምረው በጀት በዚህ መሐል ያለ እኛ ድምፅ ጸድቆ ያድራል። ከደብዳቤው አራት ወር መዘግየት የተነሳ አንድ ሙሉ ዓመታዊ የሥራ ጊዜ ያመልጠናል ማለት ነው።

ሥራው ደግሞ ከአቅም በላይ አይደለም። አንድ ምርጫ ጣቢያ የሚይዘው ቢበዛ 1,500 መራጭ ነው። 30,000 መራጭ ላለው የምርጫ ክልል 20 ጣቢያ ይበቃል፤ በየጣቢያው አምስት አስፈጻሚ ሲመደብ 100 ሰው ማሠልጠን ነው። ጊዜ የሚወስደው የመራጮች ምዝገባ ነው፤ ዕድሜና የስድስት ወር ነዋሪነት መጣራት፣ መዝገቡ ለሕዝብ ታይቶ አቤቱታ መሰማት አለበት። ይህን ማሳጠር አንጠይቅም። ይልቁንም ቢሮዎ ያባከነው ጊዜ ኋላ ከምዝገባው እንዳይቆረጥ እንሰጋለን፤ የተጣደፈ ምዝገባ ሩቅ ቀበሌዎችን ይጥላል፣ አቤቱታውም ከድምፁ ቀን በኋላ ይደርሳል።

«ከሌላ ምርጫ ጋር ይዳበላል» የሚለውንም መልስ አንቀበልም። ከ1997ቱ ምርጫ በኋላ ባዶ የቀሩ ወንበሮች የማሟያ ምርጫቸውን ያዩት በሚያዝያ 2000 ነው፤ ከአካባቢ ምርጫ ጋር ተዳብሎ። በ2013ቱ ጠቅላላ ምርጫ ድምፅ ካልሰጡ አካባቢዎች ለአንዳንዶቹ ተራው የደረሰው ሰኔ 16 ቀን 2016 ነው። የትግራይ 38 ወንበሮች ሳይሞሉ ዓመታት አልፈዋል። እነዚያ በጦርነት፣ በጸጥታና በፖለቲካ ቀውስ የመጡ ናቸው። በእኛ የምርጫ ክልል ጦርነት የለም፣ ክርክር የለም፤ አንድ ሰው ታመው ሞቱ።

የኬንያ ሕገ መንግሥት አፈ ጉባኤው በ21 ቀን ውስጥ ለምርጫ ኮሚሽኑ እንዲያሳውቅ፣ ምርጫውም በ90 ቀን እንዲካሄድ ያዛል። ወንበሩ የተጓደለው ጠቅላላ ምርጫ ሦስት ወር ሲቀረው ከሆነ ብቻ ማሟያ አይደረግም። ሕንድ የሰጠችው ስድስት ወር ነው፤ ቀሪው ዘመን ከአንድ ዓመት ካነሰ ይቀራል። ጠቅላላ ምርጫ ቀርቧልና ጠብቁ ማለት ከፈለጉ እርስዎም ቀኑን ቆጥረው፣ ምክንያቱን ጽፈው፣ ፈርመው ይስጡን። በቃል የተነገረን ውሳኔ ይዘን ፍርድ ቤት መሄድ አንችልም።

የምንጠይቀው ደብዳቤ አንድ ገጽ አይሞላም፦ የምርጫ ክልሉ ስም፣ የሟቹ ስም፣ ያረፉበት ቀን፣ ወንበሩ ከዚያ ቀን ጀምሮ ክፍት መሆኑ፣ ፊርማና ማኅተም። ዋናው ለቦርዱ ይላክ። ግልባጩ የወጪ ቁጥሩና ቀኑ እንዲታይ ሆኖ በየቀበሌው ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ይለጠፍልን።

የምርጫ ክልሉ መራጮች