«ተፈጥሮዋ ነው» ላላችሁን፦ ግልጽ ደብዳቤ ከጅማ

ይድረስ ለትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ፣

ማመልከቻ አስገብተናል። ቢሮዎ ድረስ መጥተናል። እናንተ «ከትምህርት ቤቱ ጋር ተነጋገሩ» ትሉናላችሁ፤ ትምህርት ቤቱ ደግሞ «ከበላይ ካልታዘዝን አንነካውም» ይለናል። በሁለታችሁ መሀል ስንመላለስ ልጆቹ ዓመቱን ሊጨርሱ ነው። ስለዚህ ነገሩን አደባባይ አውጥቼዋለሁ።

እርስዎ ጉዳዩን ያውቁታል። ለሌላው አንባቢ ልድገመው። እዚሁ ጅማ ባለ አንድ ትምህርት ቤት የሦስተኛ ክፍል ልጆች ገና ዓመቱ ሲጀመር በአንድ ፈተና ለሦስት ተከፈሉ፦ ፈጣን፣ መካከለኛ፣ ዘገምተኛ። ስማቸው በሦስት ረድፍ ተጽፎ ከሰሌዳው ጎን ተለጠፈ። ፈጣን የተባሉት ከፊት ተቀመጡ፤ ዘገምተኛ የተባሉት መጨረሻ ዴስክ ላይ። ደብተር ሲታረም ከፊት ይጀመራል። ደወል ሲደወል ኋላ ያሉት ሳይታረምላቸው ይቀራሉ። በእረፍት ሰዓት ልጆቹ እርስ በርስ የሚጠራሩት በዚያው ስም ነው። የስምንት ዓመት ልጅ «አንቺ ዘገምተኛ» እየተባለች ኳስ ስትጫወት አይቻለሁ።

እሷ የእህቴ ልጅ ናት። ከሰሌዳ ስትገለብጥ ፊደል ትዘላለች፤ «ለ»ን «ሰ»፣ 7ን 1 ታደርጋለች። እናቷ ደብተሩን ይዛ ሄዳ መምህሩን ብትጠይቀው «ተፈጥሮዋ ነው፣ ባታስጨንቂያት ይሻላል» አላት። እርስዎ ጋ ስንመጣ ደግሞ «አምስት ጣት እኩል አይደለም» አሉን።

ሆስፒታል የዓይን ክፍል ወሰድናት። የሩቅ ነገር አይታያትም! መነጽር ታዘዘላት። ያደረገችው ቀን ከሄርማታ በባጃጅ ስንመለስ የሱቁን ታፔላ ሁሉ ጮክ ብላ እያነበበች መጣች፤ አማርኛውንም አፋን ኦሮሞውንም። ባለ ባጃጁ ሳይቀር ዞሮ አያት። የሐኪሙን ወረቀት ይዘን ወደ ፊት ትምጣ ብንል መልሱ «ዝርዝሩ እስከ ሴሚስተሩ መጨረሻ አይቀየርም» ሆነ። ማየት የማትችለውን ልጅ ስላላየች ወደ ኋላ ወሰዷት፤ ከኋላ ደግሞ ጭራሽ አልታይ አላት፤ ምክንያቱ ከታወቀ በኋላም እዚያው ናት።

የእሷ ችግር በመነጽር ታወቀ። አጠገቧ ያሉትስ? አንዱ ቁርስ ሳይቀምስ ነው የሚመጣው። አንዱ ቤቱ አፋን ኦሮሞ ብቻ ሲሰማ አድጎ ፈተናውን የተፈተነው በአማርኛ ነው። አንዷ ከትምህርት መልስ ታናሽ ወንድሟን አዝላ ገበያ ትውላለች፤ የቤት ሥራ የምትሠራበት ሰዓት የላትም። እነዚህ ሁሉ በአንድ ወረቀት ላይ «ዘገምተኛ» ተብለዋል።

ክቡር ኃላፊ፣ «አምስት ጣት እኩል አይደለም» ማለት ቀላል አባባል አይደለም። ስለ ሰው ተፈጥሮ አቋም መያዝ ነው። ሌላው ሁሉ ከዚያ ይመጣል፤ ማን የት እንደሚቀመጥ፣ የማን ደብተር እንደሚታረም፣ ማን ተስፋ እንደሚቆረጥበት። ልጅ ክፉ ሆኖ ይወለዳል ብሎ የሚያምን አርጩሜ ይዞ ክፍል ይገባል። እንግሊዛዊው ፈላስፋ ጆን ሎክ እ.ኤ.አ. በ1693 ከአሥር ሰው ዘጠኙ የሆነውን የሆነው በትምህርት ነው ብሎ ጻፈ፤ ይህን የሚያምን መምህር ልጁ ሲወድቅ መጀመሪያ የራሱን ሥራ ይመረምራል። የጄኔቫው ተወላጅ ፈላስፋ ሩሶ እ.ኤ.አ. በ1762 ልጅ ሲፈጠር መልካም ነው፣ የሚያበላሸው ማኅበረሰቡ ነው አለ፤ መጽሐፉ ፓሪስ ላይ ተቃጠለ። እነዚህ ሰዎች እርስ በርስ አይስማሙም። ግን አቋማቸውን በግልጽ ጽፈዋል፤ የሚከራከራቸው ሰው የሚከራከርበትን ያውቃል። የእናንተ አቋም የት ነው የተጻፈው? በየትኛው መመሪያ?

የእናንተ ሐሳብ ከሁሉም ይልቅ የሚቀርበው ለጥንቱ ግሪካዊ ፈላስፋ ለፕላቶን ነው። እሱ ባሰበው ከተማ ዜጎች አንድ ተረት ይነገራቸዋል፤ ፈጣሪ ለገዢዎች ወርቅ፣ ለጠባቂዎች ብር፣ ለገበሬና ለባለ እጅ ብረትና ነሐስ ቀላቅሎባቸዋል የሚል። ሆኖም ተረቱ ውሸት መሆኑን እዚያው ይናገራል። ደግሞም ከብረት ወላጅ የወርቅ ልጅ ሊወለድ ይችላል፣ ያኔ ወደሚገባው ቦታ ከፍ ይደረግ ይላል። እናንተ ጋ ግን የሐኪም ወረቀት ተይዞም ከፍ የሚል የለም።

ፈተናውስ? የልጆችን አእምሮ በፈተና መለካት ከጀመሩት የታወቀው ፈረንሳዊው አልፍሬድ ቢኔ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1905 ከባልደረባው ከሲሞን ጋር ሆኖ። ዓላማው ተጨማሪ እርዳታ የሚያስፈልገውን ልጅ ማግኘት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1909 ደግሞ የልጅ አእምሮ ከተወለደበት መጠን አይጨምርም የሚሉትን በብርቱ ተቃወመ። ልምምድና ጥሩ ዘዴ ካለ ይጨምራል አለ። ከዚያ ወዲህ ከ100 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ እኛ ጋ አንድ ፈተና የልጅ ዕጣ ይወስናል።

እዚህ ከተማ ውስጥ መስጊድ የገባ ሰው ልጅ ሁሉ በፊጥራ፣ ማለትም በንጹሕ ተፈጥሮ፣ ይወለዳል ሲባል ይሰማል። ቤተ ክርስቲያን የገባ ሰው በእግዚአብሔር አርአያና አምሳል ተፈጠረ ሲባል ይሰማል። የጅማ ወላጅ ልጁን ትምህርት ቤት የሚልከው ይህን ይዞ ነው። በር ላይ ማን ቀማው?

መምህሩ ክፉ ሰው ነው አላልኩም። ክፍሉ ጢም ብሎ ሞልቷል፤ እሱም ደክሞታል፤ ልጆቹን መከፋፈል ሥራውን እንዳቀለለለት ይገባኛል። ጥያቄዬ ለእርስዎ ነው። ተከታታይ ምዘና ልጅ በአንድ ቀን ፈተና እንዳይፈረድበት የመጣ አሠራር መሆኑን ለመምህራን የምታስተምሩት እናንተ ናችሁ። የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 36 ያውቁታል፤ ልጆችን በሚመለከት እርምጃ ሁሉ የልጁ ደህንነት ይቅደም ይላል። በክፍሉ ግድግዳ ላይ «ዘገምተኛ» ብሎ ስም መለጠፍ ለየትኛው ልጅ ደህንነት ነው?

ጣት እኩል አይደለም፣ እሺ። ደም ግን ለአምስቱም ይደርሳል። እናንተ ከለከላችሁት ያልነው እሱን ነው፤ የመምህሩን ዓይን፣ የታረመ ደብተር፣ የፊት ወንበር።

የምንፈልገው ብዙ አይደለም። ዝርዝሩ ከግድግዳው ይውረድ። ልጆቹ እየተፈራረቁ ይቀመጡ፤ የማያይና የማይሰማ ልጅ ከፊት ይሁን። ማንም ልጅ ደካማ ከመባሉ በፊት ዓይኑና ጆሮው ይታይ፤ ከተማው ሆስፒታል አለው፣ ሩቅ አይደለም። ይህን ትምህርት ቤቱ በራሱ ማድረግ ካልቻለ እርስዎ ይዘዙ። አይቻልም የሚሉም ከሆነ ምክንያቱን ቁጥርና ማህተም ባለው ደብዳቤ ይጻፉልን፤ በቃል የሚነገረንን ይዘን የትም መሄድ አልቻልንም።

የሦስተኛ ክፍል ተማሪ አጎት፣
ጅማ