አይደረስ

ድሬዳዋ፣ ጥቅምት 2018 ዓ.ም.

አባዬ፣ እንደምን ከረምክ? እማዬስ? እኛ ደህና ነን። አንተ ሐረር ብርድ ልብስ ትደርባለህ፣ እኛ እዚህ አንሶላ ከብዶናል።

ይህን የምታነብለት የእህቴ ልጅ፣ እየዘለልክ እንዳታነብ። ስለ ዓይን የሚለው ጋ ስትደርስ ደግሞ ድምፅህን ከፍ አድርግ።

አባዬ፣ ነገሩ የመጣው ከልጄ ነው። ማታ ማታ የግርግሪትን አገር እነግራታለሁ። ያንተን ተረት። መኪና ግርግር፣ የልብስ ሰፊዎቹ መንገድ፣ ሱቅህ ውስጥ ሲንጀሩን እየረገጥክ የፈጠርከውን፤ ስሙን እንኳ ከመኪናው ድምፅ የወሰድከውን። በግርግሪት ሰው ሁሉ ልብስ ሰፊ ነው። እዚያ አገር አይደረስ የሚባል ቀለም አለ። ከቅጠል አይጨመቅም፣ ከድንጋይ አይፈጭም። የሚታየው መርፌው ጨርቁ ውስጥ እስካለ ብቻ ነው። መርፌው ሲወጣ ቀለሙም አብሮ ይወጣል። ስለዚህ የአገሩ ዋና ሰፊ የንግሥቲቱን ካባ ግራ እጅጌ አርባ ዓመት ሰፋ። ከጨረሰው ይጠፋላ!

እኔ አገጬን ጠረጴዛህ ላይ አስደግፌ መርፌው ላይ አፈጥ ነበር። አንድ ቀን «አየሁት!» ብዬ ጮኽኩ። «ምን ይመስላል?» አልከኝ። «ሰማያዊ» ስልህ፣ «እሱማ ሰማያዊ ነው፤ አይደረስ አይደለም» አልከኝ። እስካሁን ያናድደኛል።

ልጄ ደግሞ ያንን እጅጌ ልሳል አለች። አሥራ ሁለቱንም ከለሮች አንዱን በአንዱ ላይ ቀባችው። የቡና አተላ ወጣላት። አለቀሰች። በኋላ አዲስ ወረቀት አምጥታ ካባውን ሁሉ ቀባችና ግራ እጅጌውን ባዶ ተወችው። አልበሰለችም ትለኛለህ?

አሁን የማወራህን ግን ተረት እንዳይመስልህ። አምና ካሊፎርኒያ፣ በርክሌይ ዩኒቨርሲቲ ያሉ ተመራማሪዎች ማንም ያላየውን ቀለም ለአምስት ሰዎች ብቻ አሳዩ። ዓይናችን ውስጥ ቀለም የሚለዩ ሦስት ዓይነት ሴሎች አሉ። መካከለኛውን ብቻ የሚነካ ብርሃን በተፈጥሮ የለም። እሱን የነካ ብርሃን ጎረቤቶቹንም ይነካል። ከተገመደ ክር አንዱን ብቻ መዝዘህ ሌላው እንዳይነቃነቅ እንደማለት ነው። እነሱ በሌዘር አንድ በአንድ እየለቀሙ መካከለኞቹን ብቻ ነኩ። ሰዎቹ ያዩት ሰማያዊ የተቀላቀለበት አረንጓዴ ነው፤ ድምቀቱ ግን በዓለም ላይ የለም ተባለ። ስሙን «ኦሎ» አሉት። ሌዘሩ ሲጠፋ ቀለሙም ይጠፋል። መርፌው ሲወጣ ማለት አይደል? አንተ በአንድ ሲንጀር የጨረስከውን እነሱ ስንት መሣሪያ ደርድረው! አንዳንድ ምሁራን ደግሞ «አዲስ ቀለም አይደለም፣ የጠነከረ አረንጓዴ ነው» ብለው ተከራክረዋል። እንዳንተ ዓይነት ሰው የትም አይጠፋም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር።

ለአረፋ ስመጣ ጎረቤቶቻችን የመንገዱን ግድግዳ አዲስ ሰማያዊ ቀብተውት ነበር። ደማቅ፣ ዓይን የሚወጋ ሰማያዊ። አንተ በሩ ላይ ቆመህ «ዘንድሮ ምን ነካቸው፣ አመድማ ቀቡት?» አልክ። ዝም አልኩህ። ከዚያ የአንዲት ደንበኛህን ነጭ ቀሚስ አየሁ። ጠርዙ በቢጫ ክር ተሰፍቷል። ስፌቱ እንዳንተ ነው፤ ቀጥ ያለ፣ እኩል። ክሩ ግን ቢጫ ነው። ሴትዮዋ አየችው፣ ከፍላ መርቃህ ሄደች። እማዬም ጠዋት ጠዋት አንተ ሳትነሳ አሥር መርፌ ላይ ክር አስገብታ እንደምትሰካልህ ነገረችኝ። አትቆጣት። አንተም የምታውቅ ይመስለኛል። ክሩን በምላስህ አርጥበህ፣ በጣትህ ጠምዝዘህ፣ ሦስቴ ስተህ «መርፌውም አረጀ» ስትል በመጋረጃው በኩል አይቼሃለሁ።

አባዬ፣ ይሄ የዓይን ሞራ ነው። በዕድሜ የዓይን ሌንስ ይደፈርሳል፣ ቢጫ ይሆናል፣ ቡናማ ይሆናል። በቢጫ መስታወት እንደማየት ነው። መጀመሪያ የሚሰረቀው ሰማያዊ ነው። ነጭና ፈዛዛ ቢጫም አንድ ይመስላሉ። የእጅህ ጥፋት አይደለም አቦ! ሞኔ የሚባል ፈረንሳዊ ሠዓሊም ይህ ደርሶበታል። እንቢ ሲል ከርሞ በ1923 እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር አንድ ዓይኑን አሠራ። በኋላ ሁሉ ነገር ሰማያዊ ሆነብኝ ብሎ አማረረ። ሠዓሊ ምን ይደረግ።

«ዓይን በምላጭ አይነካም» ትላለህ፣ አውቃለሁ። የሚደነዝዘው ዓይንህ ብቻ ነው፣ ራስህን አትስትም። ግማሽ ሰዓት እንኳ አይሞላም ብለውኛል። በአንዱ እንጀምራለን፤ ካልወደድከው ሁለተኛውን ማንም አያስገድድህም።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ስለማልዋሽህ። ድሮ ሌንሱ ወጥቶ ምትክ ሳይገባላቸው የቀሩ አንዳንድ ሰዎች፣ እኛ የማናየውን ከወይን ጠጅ ቀለም ማዶ ያለ ብርሃን ያዩ ነበር። ይህን ሳነብ ልቤ ዘለለ። አይደረስን የሚያይልኝ ሰው አገኘሁ አልኩ። ግን አሁን የሚገባው ሌንስ ያንን ብርሃን ይጋርዳል። ስለዚህ አይደረስን አታይም። የመንገዱን ግድግዳ ግን ታያለህ።

ሐሙስ ጠዋት እመጣለሁ፤ ዓርብ አብረን ወደ ድሬ ሐኪም ቤት እንወርዳለን። የደንገጎ ጠመዝማዛ ራስህን እንደሚያዞርህ ስለማውቅ በአባዱላው የፊት ወንበር እይዝልሃለሁ። ሴትዮዋ ቀሚሱን መልሳ አምጥታልናለች፣ እማዬ ጋ ነው፤ አሁን እንዳትተረትረው፣ ተመልሰህ ትሠራዋለህ። ልጄ ሥዕሉን ይዛ ትጠብቅሃለች፤ ስለ እጅጌው የምትጠይቅህ ነገር አላት። ኮፍያህን አትርሳ፣ ድሬ ፀሐይዋ አታስቆምም።

ልጅህ

ይቅርታ፣ አንድ ነገር ረሳሁ። አዲስ አበባ ያሉ ጓደኞቼ ይህን ደብዳቤ ቢያዩ «አባትሽን አንተ ትያለሽ?» ማለታቸው አይቀርም። ሐረር አንቱ የት ይታወቃል በያቸው ትለኛለህ፤ እላቸዋለሁ።