የኤሌክትሮኒክስ ክበብ፦ መብራቱን ያበራው ጨዋታው ነው

ዘንድሮ ክበባችን አንድ ሥራ ብቻ ይዞ ከረመ፤ የድሮ የአርኬድ ጌም ማሽን መሥራት። ልጆቹ ጆተኒና ፕሌይስቴሽን ቤት ያውቃሉ። ሳንቲም እየጎረሰ የሚያጫውት፣ ቁም ሳጥን የሚያክል ማሽን ግን በዓይኑ ያየ አልነበረም።

ሳጥኑን ከችፑድ ቆረጥን። ኮምፒውተሩ ላይ ሜምን ጫንን። ሜም በ1997 እ.ኤ.አ. የተጀመረ፣ የድሮ ማሽኖችን የኤሌክትሮኒክስ ቦርድ አስመስሎ የሚያሠራ ፕሮግራም ነው። ጌሙ ደግሞ የ1983ቱ (እ.ኤ.አ.) ግሪድሊ ነው። የመረጥነው ለንግድ እስካልዋለ ድረስ በነጻ መጫወት ስለተፈቀደ ነው። የተሰረቀ ጌም ክበባችን እንዲገባ አልፈልግም።

ጌሙ ሠራ። ልጆቹ ግን «ቲቸር፣ ይሄማ ያው ኮምፒውተር ነው» አሉኝ። እውነታቸውን ነው።

የጎደለው ከስክሪኑ ውጪ ያለው ነገር ነበር። የድሮው ቦርድ ስዕል ብቻ አልነበረም የሚያወጣው። ማሽኑ ላይ ላሉት መብራቶችም ትእዛዝ ይሰጥ ነበር። ሜም ያንን ትእዛዝ ዛሬም ይቀበላል፤ ሰሚ ስለሌለው ነው ባክኖ የሚቀረው። አውትፑት የሚባለውን ማስተካከያ ወደ ኔትወርክ ሲያዞሩት ግን የመብራቱን ስም ከቁጥር ጋር ይልካል። 1 ሲሆን ይብራ፣ 0 ሲሆን ይጥፋ ማለት ነው። በፓይተን የፕሮግራም ቋንቋ የጻፍነው አጭር ፕሮግራም መልእክቱን ይሰማል፣ አርዱዊኖ ለሚባለው ፕሮግራም ለሚደረግ ትንሽ ቦርድ ያቀብላል፣ አርዱዊኖው ኤልኢዲውን (ትንሿን ባለ ክር ያልሆነች መብራት) ያበራል።

ሁለት ሐሙስ ሙሉ ምንም አልበራም። ሽቦ ቀየርን፣ ሬዚስተር ቀየርን። ችግሩን ያገኘችው አንዲት የ10ኛ ክፍል ተማሪ ናት። መልእክቱ የሚያልቅበት ምልክት የእኛ ፕሮግራም የሚጠብቀው ዓይነት አልነበረም። ስለዚህ ፕሮግራሙ ያላለቀ መልእክት ይመስለውና ዝም ብሎ ይጠብቃል። አንድ ምልክት ቀየረች፣ በራ። የዚያን ቀን ጩኸት ዳይሬክተሩ ቢሮ ድረስ ተሰምቷል።

እኔን ከሁሉ በላይ ያስደሰተኝ ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። ኤልኢዲ ቦግ ብሎ በርቶ እልም ብሎ ይጠፋል። በብዙ የድሮ ማሽኖች ውስጥ የነበረው ባለ ክር አምፖል ግን ክሩ እስኪቀዘቅዝ ትንሽ ይቆያል። ልጆቹ ይህን እንዳወቁ እንቅልፍ አጡ። አርዱዊኖው ብርሃኑን ከ0 እስከ 255 ባለው ደረጃ መቆጣጠር ስለሚችል፣ መብራቱ ቀስ እያለ እንዲከስም አደረጉት። ሲያዩት የአምፖል ሙቀት ያለው ይመስላል። ይህን እንዲያደርጉ ማንም አላዘዛቸውም።

የቀረን ኳሱ ነው። ግሪድሊ የሚጫወተው በመዳፍ በሚሽከረከር ኳስ ሲሆን፣ እኛ እስካሁን በማውስ ነው የምንጫወተው። ቤታችሁ ከሥሩ ኳስ ያለው የድሮ ማውስ ካለ እባካችሁ አትጣሉት። ቢበላሽም ግድ የለም፣ ውስጡ ያሉት ባለቀዳዳ ትንንሽ ጎማዎች ይበቁናል። መስከረም ላይ ላብራቶሪው ድረስ አምጡልን።