የጀርመንኛ ክበብ በ2017 ዓ.ም.፦ «ዶይችላንድ»ን ያዳመጥንበት ዓመት

የክበባችን የመጀመሪያ መንፈቅ ዓመት እንደ ወትሮው በንግግር ልምምድ፣ በገና መዝሙሮችና ለወላጆች ቀን በተዘጋጀ አጭር ድራማ አለፈ። ልጆቹ ደክመውበታል፤ ምስጋናም ይገባቸዋል። ሰፋ አድርጌ ልጽፍበት የምወደው ግን ሁለተኛው መንፈቅ ነው። የአሥራ አንደኛ ክፍል አባላት ራምሽታይን የተባለው የጀርመን ባንድ «ዶይችላንድ» («ጀርመን» ማለት ነው) ብሎ የሰየመውን ነጠላ ዘፈን እናጥና ብለው ጠየቁ።

መልስ ለመስጠት ጊዜ ወሰድኩ። ስልቱ ኢንዱስትሪያል ሜታል ነው፤ ከባድ ጊታር ከፋብሪካ ማሽን ከሚመስል ምት ጋር የሚጋፋበት ጩኸታም ሙዚቃ። ከ9 ደቂቃ በላይ የሚረዝመው ቪዲዮም ደምና እሳት ይበዛበታል። ስለዚህ ግጥሙን ሙሉውን አነበብን፤ ከቪዲዮው ግን ለዕድሜያቸው የሚሆነውን ብቻ መርጬ፣ የትምህርት ቤቱን አመራር አስፈቅጄ አሳየኋቸው።

ባንዱ እ.ኤ.አ. በ1994 በርሊን ውስጥ ተመሠረተ። ስድስቱም አባላት ያደጉት በምሥራቅ ጀርመን ነው፤ ያቺ አገር ደግሞ በ1990 ከካርታ ላይ ጠፋች። ልጆቹ ይህን ካወቁ በኋላ ዘፈኑን በሌላ ጆሮ ሰሙት። ድምፃዊው ቲል ሊንደማን አገሩን ሊወዳትም ሊረግማትም እንደሚሻ፣ ፍቅሩን ግን ሊሰጣት እንደማይችል ይናገራል። በጩኸቱ ውስጥ ይህን ያህል ሐዘን ይኖራል ብሎ የጠበቀ አልነበረም።

ቪዲዮው ሮማውያን ወታደሮች እ.ኤ.አ. በ16 ከገቡበት ጫካ ተነሥቶ የመካከለኛውን ዘመን መነኮሳት፣ የተቃጠለውን የሂንደንበርግ አየር መርከብና የምሥራቅ ጀርመን ሹማምንትን ያልፋል። በዘመናቱ ሁሉ ጀርመንን ሆና የምትታየው ጥቁር ጀርመናዊቷ ተዋናይ ሩቢ ኮሜይ ናት። ለምን እርሷ ተመረጠች የሚለው ጥያቄ አንድ ሙሉ ስብሰባ ወሰደ። አንዲት አባላችን «አገር በአንድ መልክ አትወሰንም» ብላ የሰጠችውን መልስ በማስታወሻዬ ይዤዋለሁ።

ከባዱ ክርክር የተነሣው ስለ ማስተዋወቂያው ነው። ዘፈኑ ማርች 28 ቀን 2019 ከመውጣቱ ሁለት ቀን ቀደም ብሎ፣ የባንዱ አባላት የማጎሪያ ካምፕ እስረኞችን ልብስ ለብሰው፣ አንገታቸው ላይ ገመድ ገብቶ የሚታዩበት አጭር ቪዲዮ ተለቀቀ። ከናዚ ጭፍጨፋ የተረፉት ሻርሎተ ክኖብሎኽ ባንዱ ከመስመር አልፏል ብለው ነቀፉ። ከክበባችንም እኩሌታው ከእርሳቸው ጋር ቆመ። ሌሎቹ ደግሞ ሙሉው ቪዲዮ ወንጀሉን አይሸፍንም፣ ያጋልጣል ሲሉ ተከራከሩ። እኔ በሁለቱም እስማማለሁ፤ ሙሉው ሥራ ሊታይ የሚገባው ነው፣ ያ ማስተዋወቂያ ግን የሙታንን ስቃይ ለገበያ አቅርቧል። ከዚያ ወዲህ በቪዲዮው የሚታዩት ሮኬቶች ወደሚያመለክቱት፣ እስረኞች ለናዚዎች ሮኬት እንዲሠሩ ይገደዱበት ወደነበረው ወደ ሚተልባው ዶራ ማጎሪያ ካምፕ ታሪክ ገባን። ወደዚያ ካምፕ ከተላኩት ከ60,000 የሚበልጡ እስረኞች 20,000 ያህሉ ሞተዋል። ልጆቹ ቁጥሩን ሲሰሙ ክርክሩ ቆመ፤ እኔም ለመቀጠል አላስቸኮልኳቸውም።

በዓመቱ መጨረሻ እያንዳንዱ አባል አገሩን እንደ ሰው ቆጥሮ በጀርመንኛ ደብዳቤ ጻፈላት። አንደኛው ተማሪ ታላቅ ወንድሙ ለምን ተሰድዶ እንደ ቀረ ኢትዮጵያን ይጠይቃታል። ስህተቶቹን ካረምን በኋላ የተመረጡት ደብዳቤዎች፣ ልጆቹ ራሳቸው ካዘጋጁት የአማርኛ ትርጉም ጋር፣ በዚህ መጽሔት የተማሪዎች ዓምድ ታትመዋል።