አዳማ የቴሌቪዥን ሕንፃ አላት፣ የራሷ ቴሌቪዥን ግን የላትም

ይድረስ ለአዘጋጁ፣

ሰሞኑን ስለ ቴሌቪዥን ታሪክ ያወጣችሁትን ጽሑፍ አነበብኩት። ጥሩ ነው። በ1957 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ መጀመሩ አለ። የደርጉ ፓርቲ ኢሠፓ ሲመሠረት ባለ ቀለም መምጣቱ አለ። ሳተላይቱም አለ። የሌለነው እኛ ነን። ጽሑፉን ያነበበ ሰው፣ ከአዲስ አበባ ውጪ ያለው ሕዝብ ቁጭ ብሎ ከማየት በቀር ድርሻ አልነበረውም ይላል። እውነቱን ለመናገር ብዙም አልነበረውም። የምጽፍላችሁም ለዚሁ ነው።

እኔ አዳማ ውስጥ ቴሌቪዥን ጠጋኝ ነኝ። በባለ ትልቅ ጀርባው ቴሌቪዥን ጀምሬ አሁን ዲሽ አስተካክላለሁ። የከተማችን ነፋስ ለቴሌቪዥን ጠላት ነው፣ ለእኔ ግን እንጀራዬ። ድሮ አንቴናው ረጅም ባሕር ዛፍ ላይ ይታሰራል። ማታ ነፋሱ ያዞረዋል። ከዚያ አንዱ ጣሪያ ላይ ይወጣል፣ አንዱ በር ላይ ይቆማል፣ አንዱ ሳሎን ሆኖ ይጮኻል። «አሁንስ?» «ትንሽ መለስ አድርገው!» «ኧረ ጭራሽ ጠፋ!» ያው ነፋስ ዛሬ ከከተማው ዳር 51 እና 153 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም ያላቸውን ሁለት የነፋስ ኃይል ማመንጫዎች ያንቀሳቅሳል። ያኔ ግን ዜና ከማበላሸት ሌላ ሥራ አልነበረውም።

በቪዲዮ ዴክ ዘመን የሆነውን ልንገራችሁ። ዴክ ምስሉን ለቴሌቪዥኑ የሚሰጠው በአንቴና ገመድ ነበር፣ ልክ እንደ ትንሽ ጣቢያ አንድ ቻናል ላይ አድርጎ። አንድ ደንበኛዬ ዴኩን፣ ቡስተሩንና (ሞገድ አጉሊውንና) አንቴናውን በገዛ እጁ አንድ ላይ አገናኛቸው። ማታ የልጁን የሰርግ ቪዲዮ ሲከፍት፣ ግድግዳ የሚጋሩት ጎረቤቶች ቴሌቪዥን ላይ ሰርጉ ደብዘዝ ብሎ ወጣ። የጎረቤት እናት «ተክለፍልፎ በቴሌቪዥን አስተላለፈው እንዴ!» ብለው ወጡ። ሰፈሩ ተሰበሰበ። ሰው ራሱን እየፈለገ «እኔ ነኝ! ያቺ ሻሽ ያደረገችው እኔ ነኝ!» ይላል። በማግስቱ ገመዱን እንዳስተካክል ተጠራሁ። አስተካክዬ ስወጣ ጎረቤቶቹ አኮረፉኝ። እስካሁን አንዳንዶቹ ሲያገኙኝ ያነሱብኛል።

ይሄን የጻፍኩት ለቀልድ ብቻ አይደለም። አነስተኛ ኃይል ያለው ቴሌቪዥን የሚባለው፣ አንድን ከተማ ብቻ የሚሸፍነው ትንሽ ጣቢያ፣ ሌላ አገር የተጀመረው ከዚህ ብዙም ባልራቀ መንገድ ነው። አሜሪካ ውስጥ ተራራ የጋረዳቸው ትንንሽ ከተሞች የትልቁ ከተማ ጣቢያ አልደርሳቸው ሲል፣ ነዋሪዎቹ ገንዘብ አዋጥተው ኮረብታ ላይ መሣሪያ ተከሉ። መሣሪያው ከሩቅ የመጣውን ደካማ ሞገድ ይቀበልና አጉልቶ ወደ ከተማው ይለቃል። መጀመሪያ ላይ ብዙዎቹ ያለ ፈቃድ ነበር የሚሠሩት። የአገሩ የኮሙኒኬሽን ኮሚሽን በ1956 እ.ኤ.አ. ሞገዱን በሌላ ቻናል ለሚለቁት ፈቃድ መስጠት ጀመረ። በ1982 እ.ኤ.አ. ደግሞ እነዚህ ትንንሽ ማሰራጫዎች የሌላውን ከመቀባበል አልፈው የራሳቸውን ፕሮግራም እንዲያቀርቡ የሚፈቅድ ደንብ ወጣ። ኃይላቸው ቪኤችኤፍ በሚባሉት ዝቅተኛ ቻናሎች 10 ዋት፣ ዩኤችኤፍ በሚባሉት ከፍተኛ ቻናሎች 1000 ዋት ነበር። 10 ዋት! ድሮ ሳሎን የምንሰቅለው አምፖል እንኳ 60 ነበር።

በዚያች ኃይል የትምህርት ቤት ጨዋታ፣ የከተማ ምክር ቤት ስብሰባ፣ የቤተ ክርስቲያን ስብከት፣ የስደተኞች ቋንቋ ሁሉ አየር ላይ ዋለ። ግን ደንቡ አንድ ክፉ አንቀጽ ነበረበት። ትንሹ ጣቢያ ሁለተኛ ደረጃ ነው። ትልቁ ጣቢያ ቻናሉን ከፈለገው ትንሹ ይነሳል። በኋላ ከ2016 እስከ 2017 እ.ኤ.አ. የቴሌቪዥን ሞገድ ለሞባይል ኩባንያዎች በጨረታ ሲሸጥ፣ ብዙ ትንንሽ ጣቢያዎች ቻናላቸውን ለቀው ሌላ ፍለጋ ገቡ። የድሮው ዓይነት ስርጭት፣ አናሎጉም፣ ለእነሱ በሐምሌ 2021 እ.ኤ.አ. ተዘጋ። ከትልልቆቹ 12 ዓመት ዘግይቶ መሆኑ ነው።

ወደ እኛ ልመለስ። አዳማ ቴሌቪዥን አጥታ አይደለም። የኦሮሚያ ብሮድካስቲንግ ኔትወርክ (ኦቢኤን) ዋና መሥሪያ ቤት እዚሁ ነው። ግን ኦቢኤን የክልል፣ ከክልልም ያለፈ ጣቢያ ነው። ከሞያሌ እስከ ወለጋ ያለውን ሲዘግብ ስለ ፍራንኮ ሰፈር መንገድ አላወራም ብሎ አይወቀስም። የእሱ ሥራ ያ አይደለም። እኔ የምለው ስለ ከተማዋ ብቻ የሚያወራ ጣቢያ ነው። የዛሬው የውሃ ፈረቃ የማን ነው? መብራት የሚጠፋው የት ነው? አዳማ ከተማ ስንት ለስንት ወጣ? ሽንኩርት ዛሬ አመዴ ገበያ ስንት ገባ? በአፋን ኦሮሞም በአማርኛም።

ሕጉ በር አልዘጋም። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የብሮድካስት አዋጅ ቁጥር 533ም፣ እሱን የተካው የመገናኛ ብዙኃን አዋጅ ቁጥር 1238/2013ም፣ ከሕዝብና ከንግድ ጣቢያ ጎን ለጎን የማኅበረሰብ ብሮድካስት የሚባለውን፣ ነዋሪው ራሱ ለራሱ የሚያካሂደውን ጣቢያ፣ ያውቃሉ። በዚህ መንገድ የመጡ ሬዲዮኖች አሉ። ቴሌቪዥን ግን እኔ አዳማ ላይ አላየሁም። ፈቃድ ቢኖር ደግሞ ካሜራ የሚይዝ አይጠፋም፣ ከተማው የሰርግ ቪዲዮ ቀራጭ ሞልቶታል።

ደንበኞቼ «አሁን ማን አንቴና ይሰቅላል? ዩቲዩብ አለ አይደል?» ይሉኛል። ቤቱን ሁሉ ዲሽ እንደያዘው አልክድም። በ2012 ዓ.ም. የአገራችን ጣቢያዎች የጋራ የሳተላይት ስርጭት ኢትዮሳት ሲመጣ ዲሽ ለማዞር ጣሪያ ለጣሪያ ስንከራተት የከረምነው እኛ ነን። ዩቲዩብም ጥሩ ነው፣ ካርድ ለሞላ። ቤት የሚውሉት አሮጊት ግን ዳታ አይሞሉም፣ ሪሞት ነው የሚያውቁት። አሁን ከሚመጡት ቴሌቪዥኖች ብዙዎቹ የምድር ዲጂታል መቀበያ አብሯቸው አለ። የሚጎድላቸው ትንሽ አንቴና ነው።

ዋናው ነገር የዲጂታል ሽግግሩ፣ ማለትም የምድር ስርጭቱ ከአናሎግ ወደ ዲጂታል መዞሩ ነው። በ2006 እ.ኤ.አ. ጄኔቫ ላይ በተፈረመው ስምምነት አናሎጉን ለመተው ለአብዛኞቹ አገሮች የተቆረጠው ቀን ሰኔ 2015 እ.ኤ.አ. ነበር፣ እኛም በቀኑ አልደረስንም። መዘግየታችን እዚህ ላይ እንኳ ሊጠቅመን ይችላል። በአናሎግ አንድ ቻናል የሚይዘው አንድ ጣቢያ ነው። በአዲሱ ዲጂታል ግን አንዱ ቻናል በተራ ጥራት ከአሥር በላይ ፕሮግራም ይሸከማል። ከነዚያ አንዱ ለከተማ ይቀመጥ። ሲቀመጥም ነገ ትልቅ ድርጅት ሲመጣ እንዲነሳ ተደርጎ አይሁን፤ አሜሪካኖቹ የተቸገሩት እዚያ ላይ ነው።

ስለዚህ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ሪፖርተራችሁ የመገናኛ ብዙኃን ባለሥልጣንን ይህን ይጠይቅልን፦ በዲጂታል ድልድሉ ለከተሞች የማኅበረሰብ ቴሌቪዥን የተያዘ ቦታ አለ ወይ? ካለስ ማመልከት የሚችለው ማነው? ዕድር ይችላል? የተማሪዎች ክበብ ይችላል? መልሱን እዚሁ ገጽ ላይ አውጡት።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ፣ ከአዳማ