ስኪሬ አይደለችም፣ ሽሬ ናት

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ባለፈው ሳምንት ስለ ጣሊያናዊው የሰርጓጅ መርከብ አዛዥ ያወጣችሁትን ጽሑፍ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። መጀመሪያ ወድጄው ነው። ሁለተኛው ግን ዓይኔን ስላላመንኩት ነው።

ስለ ጁኒዮ ቫሌሪዮ ቦርጌዜ መጻፋችሁን አልቃወምም። ሰውየው ልዑል ነበር፣ ባሕር ኃይል ነበር፣ እ.ኤ.አ. በ1950 ደግሞ ስላገለገለበት ክፍል የባሕር ሥር ውጊያ መጽሐፍ ያወጣ ጸሐፊ ነው። እንዲህ ያለ ታሪክ ማን ይጠላል? ችግሩ ያዛት በነበረችው መርከብ ስም ላይ ነው። "ስኪሬ" ብላችሁ ጻፋችሁ። አንድ ጊዜ ቢሆን የጣት ስህተት ነው ብዬ አልፈው ነበር። ሰባት ጊዜ! ቆጥሬዋለሁ። ስኪሬ ምንድን ነው ጎበዝ? የበረዶ መንሸራተቻ?

ጣሊያንኛ ላይ ኤስ፣ ሲ እና አይ ሲገጥሙ "ሺ" ተብለው ነው የሚነበቡት። መርከቧ ሽሬ ናት። የትግራይዋ ሽሬ፣ እንዳሥላሴ ያለችበት። በአማርኛ ለአማርኛ አንባቢ ስትጽፉ የገዛ አገራችሁን ስም ከፈረንጅ ፊደል ላይ ፊደል በፊደል ገለበጣችሁት። ዝቅ ብሎ ደግሞ "ጎንዳር የተባለችው ሌላዋ ሰርጓጅ" ይላል። እኔ የተወለድኩት ጎንደር ነው። ጎንዳር የሚባል ቦታ አላውቅም።

ይህንንም እችለው ነበር። ያበገነኝ መግቢያው ላይ ያለችው ዓረፍተ ነገር ናት፤ "ታሪኩ ከእኛ ጋር ባይገናኝም አስደናቂ ነው" የምትለዋ።

ባይገናኝም?

እንግዲህ ስሙ። ጣሊያን ኢትዮጵያን ከወረረ በኋላ 17 አንድ ዓይነት ሰርጓጅ መርከቦች ሠራ። አብዛኞቹን በምን ሰየማቸው? አድዋ፣ አክሱም፣ ጎንደር፣ ደሴ፣ መቀሌ፣ ተምቤን፣ አላጌ፣ አራዳም፣ ነገሌ፣ አሸንጌ፣ ሽሬ። ይህ የመርከብ ዝርዝር ነው ወይስ የአውቶቡስ መናኸሪያ? ሌባ የሰረቀውን ኮት ለብሶ ሠፈር ውስጥ ሲንጎራደድ አይታችሁ ታውቃላችሁ? ልክ እንደዚያ ነው። እናንተ ደግሞ ኮቱን አይታችሁ "የጣሊያን ስፌት ነው" አላችሁን።

ሽሬ የተመረጠችው ካርታ ላይ ስሟ ስላማረ አይደለም። በየካቲት 1928 ዓ.ም. መጨረሻ የራስ እምሩና የደጃዝማች አያሌው ብሩ ጦር ከጣሊያን ጋር የተዋጋው እዚያ ነው። ጦሩ ወደ ተከዜ ሲያፈገፍግ አውሮፕላኖቹ መሻገሪያው ላይ ጠበቁት። ቦምብ ጣሉ፣ እሳት ጣሉ፣ የመርዝ ጋዝ ጣሉ። አያቴ እዚያ ነበሩ። ከወገራ የሄዱ ቤተ እስራኤል ናቸው፤ ቀጥቃጭ ስለነበሩ ጠመንጃ እየጠገኑ ነው ጦሩን የተከተሉት። ሱሪያቸውን ሰብሰብ አድርገው ሲቀመጡ ቅልጥማቸው ይታይ ነበር። ቆዳው እሳት እንደነካው ስልቻ ተኮማትሯል። "ተከዜ ላይ የፈጀን ውሃው አይደለም፣ ሰማዩ ነው" ይሉን ነበር።

ለነገሩ ግብጽ ውስጥ አሌክሳንድሪያ ወደብ ላይ የተደረገውን ወረራ ጥሩ አድርጋችሁ ተርካችሁታል። እኔም ስሰማው ልቤ ይመታል፣ አልዋሽም። እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 1941 ሽሬ በቦርጌዜ አዛዥነት ሦስት "አሳማ" ተሸክማ ወደቡ አፍ ላይ ደረሰች። አሳማ ያሉት ሁለት ሁለት ሰው እንደ በቅሎ የሚፈናጠጠውን፣ ከእግረኛ እርምጃ ብዙም የማይፈጥነውን ቶርፔዶ ነው። ስድስት ጠላቂዎች በጨለማ ገቡ። ሁለት ትልልቅ የእንግሊዝ የጦር መርከቦች፣ ቫሊያንትና ኩዊን ኤልሳቤጥ፣ የተጠመደባቸው ፈንጂ ፈንድቶ ወደቡ ወለል ላይ ተቀመጡ። ውሃው ጥልቅ ስላልነበረ የላይኛው ክፍላቸው ከውሃ በላይ ቀረ፤ ከአውሮፕላን ለሚያያቸው ደህና ይመስሉ ነበር። ስድስቱም ጠላቂዎች ተማረኩ።

ግን ቀኑን እዩት። ጎንደር ላይ የነበረው የመጨረሻው የጣሊያን ጦር እጁን የሰጠው ኅዳር 27 ቀን 1941 ነው፣ በፈረንጆቹ። አሌክሳንድሪያ የተመታችው ከዚያ በኋላ ነው፣ ሦስት ሳምንት ገደማ ቆይቶ። ንጉሡ አዲስ አበባ ከገቡ ወራት አልፈዋል። ሽሬም ነፃ ወጥታለች። ልዑሉ በዚያ ሌሊት በእጁ የቀረው የብረት ሽሬ ብቻ ነበር። እኔ ጋዜጠኛ ብሆን ጽሑፌን የምጀምረው ከዚህ ነበር። እናንተ ግን "ከእኛ ጋር ባይገናኝም" ብላችሁ ጀመራችሁ!

ጎንደር የተባለችውም ብትሆን አልቀናትም። እ.ኤ.አ. መስከረም 30 ቀን 1940 እዚያው አሌክሳንድሪያ አካባቢ ሰመጠች። ከተማዋ ከመርከቧ አንድ ዓመት በላይ ዘግይታ ነው ከጣሊያን እጅ የወጣችው። ከ17ቱ ጦርነቱን ያለፈችው አላጌ ብቻ ናት። እሷም እ.ኤ.አ. በ1942 የራሷን ወገን የጦር መርከብ በስህተት መትታ አስምጣለች። አምባ አላጌ ላይ ጣሊያን በ1888 ዓ.ም. ምን እንደደረሰበት ለሚያውቅ ሰው ይህ ትንሽ ያስቃል።

ወደ እስራኤሏ ሃይፋ ልምጣ፣ ምክንያቱም የምኖረው እዚህ ነው። መጨረሻው አንቀጽ ላይ ቦርጌዜ ሃይፋ ላይ ሽሬ ስትሰምጥ ውስጧ የነበረ አስመስላችሁ ጽፋችኋል። አልነበረም። ነሐሴ 10 ቀን 1942፣ ያው በፈረንጆቹ፣ አዛዡ ብሩኖ ዘሊክ ነበር። 60 ያህል ሰው አለቀ። ልዑሉ ቢኖርበት ኖሮ ያን የምታደንቁትን መጽሐፍ ማን ይጽፈው ነበር? የተረፈውማ እ.ኤ.አ. ከ1943 በኋላ ከፋሺስቶቹና ከጀርመን ጋር ቆሞ በገዛ አገሩ ፍርድ ቤት ተፈርዶበታል፣ እ.ኤ.አ. በ1970 መፈንቅለ መንግሥት ሞክሮ ስፔን ሸሽቷል። ይህን ለምን እንደዘለላችሁት እናንተ ታውቃላችሁ።

ሽሬ ዛሬም እዚያው ናት። 33 ሜትር ያህል ጥልቀት ላይ። ከሠፈሬ ከቂርያት ያም ዳርቻ ቆመህ ወደ ባሕሩ ስታይ አቅጣጫዋ ፊት ለፊት ነው። እዚህ ሠፈር ደግሞ ቅዳሜ ዳርቻው ላይ ብትወጡ ከሰማችሁት ቋንቋ አንዱ አማርኛ ነው። የጎንደር ሰው፣ የወልቃይት ሰው፣ የሽሬ ሰው አለ። ጋዜጠኛችሁ አንዱን ቢጠይቅ "ስኪሬ" የምትለዋን ቃል እዚያው ይቀብርለት ነበር። አያቴ በ1983 ዓ.ም. ከእኛ ጋር መጥተው ዳርቻው ላይ አግዳሚ ወንበር ነበራቸው። ነጠላቸውን ተከናንበው ውሃውን ሲያዩ ይውላሉ። ሽሬ ፊት ለፊታቸው እንዳለች ሳያውቁ ሞቱ። እኔም ያወቅኩት በኋላ ነው።

ለአንድ ስም ይህን ያህል? ትሉኝ ይሆናል። የመጣን ሰሞን፣ ቁጥር የተጻፈበት ወረቀት ግንባሬ ላይ እንደተለጠፈ፣ አንድ ጸሐፊ ስሜን ጠየቀኝ። ነገርኩት። ድገመው አለኝ። ደገምኩት። እስክሪብቶውን አየ፣ እኔን አየ፣ "አቪ" ብሎ ጻፈ። አቪ ሆኜ ተማርኩ። አቪ ሆኜ ወታደር ቤት ገባሁ። አባቴ ቤት ውስጥ በስሜ ሲጠራኝ ዞር ብዬ ማንን ነው የምል ጊዜ ነበር። ያ ጸሐፊ ቢያንስ አማርኛ አይችልም ነበር።

እርማት አውጡ። ረጅም አይደለም። "ስኪሬ" የሚለውን ሰርዛችሁ "ሽሬ" በሉ፣ ሰባቱም ቦታ። "ጎንዳር" የምትለዋ ደግሞ ይበልጥ ትቀላለች፤ "ዳ"ን "ደ" ማድረግ ነው፣ የቀኝ እግሯን ማሳጠር ብቻ።

የጎንደሩ ልጅ
ከቂርያት ያም፣ ሃይፋ