ስለ ሲልቪዮ ሳንቶስ ያልተነገረው

ለተከበሩ ዋና አዘጋጅ፣

በጋዜጣችሁ ስለ ብራዚላዊው የቴሌቪዥን ሰው ስለ ሲልቪዮ ሳንቶስ የወጣውን ጽሑፍ በጉጉት አነበብኩት፤ ከድህነት ተነስተው የከበሩ ዕድለኛ ብሎ ብቻ ማለፉ ግን ቅር አሰኝቶኛል።

ትክክለኛ ስማቸው ሴኞር አብራቫኔል ነው። እ.ኤ.አ. በ1930 በሪዮ ዴ ጃኔሮ ተወለዱ፤ አባታቸው ከተሰሎንቄ፣ እናታቸው ዛሬ ኢዝሚር ከምትባለው ከሰምርኔስ የፈለሱ አይሁዳውያን ነበሩ። ገና በአፍላነታቸው እኛ ሱቅ በደረቴ በምንለው ሥራ ተሰማርተው የመራጭነት ካርድ መያዣ ፕላስቲክና እስክሪብቶ በየጎዳናው እየጮኹ ይሸጡ ነበር። የድምፃቸውን ማማር አስተውሎ ራዲዮ ጓናባራ ሄደው እንዲፈተኑ የላካቸው የደንብ አስከባሪዎቹ አለቃ ነው። አንደኛ ሆነው አለፉ፤ ደመወዙ ከጎዳናው ገቢ ስላነሰባቸው ግን ብዙም ሳይቆዩ ወደ ንግዳቸው ተመለሱ። ሥራቸውን ለመረዳት ከዚህ መነሳት ያስፈልጋል እላለሁ። ከ1960ዎቹ ጀምሮ በየእሑዱ ለረጅም ሰዓታት መድረክ ላይ ቆመው፣ ማይክሮፎኑን እንደ ድሮው ዕቃቸው ደረታቸው ላይ አንጠልጥለው፣ የብር ኖት እንደ አውሮፕላን አጥፈው እየወረወሩ «ገንዘብ የሚፈልግ ማነው?» ሲሉ፣ የሚሰማው ያው አላፊ አግዳሚውን የሚያስቆመው የነጋዴ ድምፅ ነበር።

ጽሑፉ ጨርሶ ያልነካው የገንዘቡን ምንጭ ነው። በ1950ዎቹ መጨረሻ ከወዳጃቸው ከማኑኤል ደ ኖብሬጋ በተረከቡት «የደስታ ሳጥን» በተባለው ድርጅት፣ ደንበኛው በየወሩ ጥቂት ጥቂት በደብተር እየከፈለ ቆይቶ በመጨረሻ ዕቃ ይወስዳል፤ ክፍያውን ያላስተጓጎለም የእሑዱ ፕሮግራም ዕጣ ውስጥ ይገባል። ፕሮግራሙ ደብተሩን ይሸጣል፣ ደብተሩም ተመልካቹን ቴሌቪዥኑ ፊት ያስቀምጠዋል። ብልሃቱን አደንቃለሁ፤ ነገር ግን ገንዘቡ ከድሃ ቤት አስቀድሞ የተሰበሰበ መሆኑን ሳይናገሩ ለጋስነታቸውን ብቻ ማወደስ ተገቢ አይመስለኝም።

ይበልጥ ያሳዘነኝ ከመንግሥት ጋር የነበራቸው ግንኙነት መዘለሉ ነው። ኤስ.ቢ.ቲ. የተባለው ጣቢያቸው እ.ኤ.አ. በ1981 ሥራ የጀመረው ወታደራዊው መንግሥት በሰጣቸው ፈቃድ ሲሆን፣ የፊርማው ሥነ ሥርዓት ራሱ የጣቢያው የመጀመሪያ የቀጥታ ስርጭት ነበር። ጣቢያውም የፕሬዚዳንቱን የሳምንት ውሎ የሚያሳይ፣ ሙገሳ የበዛበት ዝግጅት ለዓመታት አቅርቧል። በ1989 ደግሞ ራሳቸው ለፕሬዚዳንትነት ተነሱ። የድምፅ መስጫ ወረቀቱ በፓርቲው የቀድሞ ዕጩ ስም ታትሞ ስለነበር፣ በቴሌቪዥን ቀርበው 26 ቁጥር ላይ ምልክት እንዲደረግላቸው ለመራጩ ማስረዳት ነበረባቸው፤ የምርጫ ፍርድ ቤቱ ምርጫው ስድስት ቀን ሲቀረው ዕጩነታቸውን ውድቅ አደረገው። አገር ምድሩ በሚያውቀው ድምፅ ላይ የራሱን ጣቢያ የጨመረ ሰው ምርጫ ሲወዳደር ሕግ ምን ይበል የሚለው ጥያቄ፣ በእኔ አስተያየት ከሀብታቸው መጠን ይልቅ አንድ ሙሉ ገጽ የሚገባው ነበር።

ሲልቪዮ ሳንቶስ እ.ኤ.አ. ኦገስት 17 ቀን 2024 በ93 ዓመታቸው ሳኦ ፓውሎ ውስጥ አርፈዋል፤ መንግሥትም የሦስት ቀን ብሔራዊ ሐዘን አውጇል። ጸሐፊው እነዚህን ነጥቦች አክለው በሌላ እትም ቢመለሱበት በትህትና እጠይቃለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ